ቡና እና አቦል፦ ፀሐይ መሰል ከዋክብትና ግዙፍ የጋዝ ፕላኔቶቻቸው

አንድሮሜዳ በተባለው የከዋክብት ስብስብ ውስጥ፣ ከመሬት 196 የብርሃን ዓመት ገደማ ርቆ፣ በሥነ ፈለክ መዝገብ ኤችዲ 16175 የተባለ ኮከብ ይገኛል። በዓይን ብቻ ለማየት ደብዛዛ ነው፤ ከጨለማ ስፍራ ሆኖ በባይኖኩላር ለሚፈልገው ግን ይታያል። ከፀሐይ በ30 በመቶ ገደማ ይከብዳል። የላይኛው ገጽ ሙቀቱ ከፀሐይ ብዙም አይለይም፤ በዕድሜው ግን ወደ እርጅና ያዘነበለ በመሆኑ ከፀሐይ ይሰፋል፣ ይደምቃልም። ዓለም አቀፉ የሥነ ፈለክ ኅብረት 100ኛ ዓመቱን ሲያከብር፣ እ.ኤ.አ. በ2019፣ አገሮች አንዳንድ ኮከብ ከነፕላኔቱ እንዲሰይሙ ዕድል ሰጥቶ ነበር። ለኢትዮጵያ የደረሳት ይህ ኮከብ ሲሆን «ቡና» ተባለ፤ በዙሪያው የሚዞረው ፕላኔት ደግሞ «አቦል» የሚል ስም ወጣለት። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

አቦል ግዙፍ የጋዝ ፕላኔት ነው። ክብደቱ ቢያንስ የጁፒተርን አራት እጥፍ ተኩል ያህላል፤ ኮከቡን አንድ ጊዜ ለመዞር 995 ቀናት ገደማ ይፈጅበታል። ከክብደቱ ይልቅ ትኩረት የሚስበው ግን መንገዱ ነው። ምህዋሩ ክብ ሳይሆን በጣም የተለጠጠ ሞላላ ነው። በፀሐይ ዙሪያ ቢቀመጥ፣ በሚቀርብበት ጊዜ ከቬነስ ምህዋር ብዙም ሳይርቅ ያልፋል፤ በሚርቅበት ጊዜ ማርስን ተሻግሮ ከአስትሮይዶች ቀበቶ ውጨኛ ጠርዝ ይደርሳል። በእያንዳንዱ ዙር ከመሬትና ከማርስ ምህዋር ርቀት ሁለት ሁለት ጊዜ ያልፋል። በቅርቡ ጫፍ ላይ ከኮከቡ የሚያገኘው ብርሃን በሩቁ ጫፍ ከሚያገኘው 20 እጥፍ ይበልጣል፤ ፍጥነቱም በአራት እጥፍ ተኩል ይጨምራል። አብዛኛውን ጊዜውን በሩቁ ክፍል ቀስ እያለ ሲጓዝ ያሳልፍና፣ ወደ ኮከቡ ሲጠጋ በጥቂት ሳምንታት ውስጥ ተወርውሮ ይዞራል።

ጁፒተር እንዲህ አይደለም። ከፀሐይ በመሬት ርቀት አምስት እጥፍ ላይ ሆኖ በ12 ዓመት ገደማ አንዴ ይዞራል፤ ምህዋሩም ለክብ በጣም የቀረበ ነው። እስከ 1995 ድረስ የፀሐይ ቤተሰብ አቀማመጥ የሁሉም ፀሐይ መሰል ከዋክብት አቀማመጥ ተደርጎ ይታሰብ ነበር፦ ድንጋያማዎቹ ትናንሾች ወደ ውስጥ፣ የጋዝ ግዙፎቹ ወደ ውጭ፣ ሁሉም በክብ መንገድ፣ ሁሉም ወደ አንድ አቅጣጫ። አቦልና መሰሎቹ ይህን ሥዕል አፈረሱት። ከዚያ ወዲህ የሥነ ፈለክ ምርምር የሚጠይቀው ግዙፍ የጋዝ ፕላኔት እንዴት እንደሚፈጠር ብቻ አይደለም። ከተፈጠረ በኋላ ምን ያናውጠዋል? የጁፒተር እርጋታስ ደንብ ነው ወይስ የዕድል ጉዳይ?

ፀሐይ መሰል የሚባሉት ከዋክብት ክብደታቸውና ሙቀታቸው ለፀሐይ የሚቀርብ፣ በእምብርታቸው ሃይድሮጅንን ወደ ሂሊየም እየለወጡ የሚያበሩ ናቸው። ግዙፍ የጋዝ ፕላኔት ደግሞ በአብዛኛው የተሠራው ከእነዚሁ ከሃይድሮጅንና ከሂሊየም ነው። የሚቆምበት ምድር የለውም፤ ወደ ውስጥ በተገባ ቁጥር ጋዙ እየታመቀ ወደ ፈሳሽነት ይለወጣል፣ ከዚያም በታች ሃይድሮጅን ራሱ እንደ ብረት ኤሌክትሪክ የሚያስተላልፍ ፈሳሽ ይሆናል። ከ2016 ጀምሮ ጁፒተርን የምትዞረው ጁኖ የተባለች መንኮራኩር የስበት ኃይሉን ስትለካ፣ እምብርቱ ጥርት ያለ ጠርዝ ያለው ጠጣር ኳስ ሳይሆን ከባድ ንጥረ ነገሮች ከጋዙ ጋር ተቀላቅለው ሰፊ ቦታ የያዙበት ሆኖ ተገኝቷል። በክብደት በኩል ላይኛው ድንበር የጁፒተር 13 እጥፍ ገደማ ነው። ከዚያ ያለፈ አካል በውስጡ ዲዩቴሪየም የተባለውን ከባድ ሃይድሮጅን ማንደድ ስለሚችል ቡናማ ድንክ ኮከብ ከሚባሉት ጋር ይመደባል።

እንዲህ ያለ ፕላኔት መጠኑ ትልቅ ቢሆንም በቀጥታ ማየቱ እጅግ ያስቸግራል። ፀሐይ በሚታየው ብርሃን ከጁፒተር አንድ ቢሊዮን እጥፍ ገደማ ትደምቃለች። ስለዚህ ፍለጋው ከፕላኔቱ ይልቅ በኮከቡ ላይ አተኮረ። ፕላኔት በኮከብ ዙሪያ ይዞራል ቢባልም፣ በእውነቱ ሁለቱም የሚዞሩት የጋራ የክብደት ማዕከላቸውን ነው። ጁፒተር ፀሐይን በሴኮንድ 12 ሜትር ተኩል ያህል ወዲያና ወዲህ ያንቀሳቅሳታል፤ ይህም የዓለም ፈጣኑ የ100 ሜትር ሯጭ ከሚደርስበት ፍጥነት ጋር የሚቀራረብ ነው። ኮከቡ ወደ ተመልካቹ ሲመጣ የብርሃኑ ሞገድ በትንሹ ያጥራል፣ ሲርቅ ይረዝማል። በጁፒተር ምክንያት የሚመጣው ለውጥ ከመቶ ሚሊዮን አራት እጅ ብቻ ነው። ይህን ለመለየት ብርሃኑን ወደ ቀለማቱ የሚበትን ስፔክትሮግራፍ ለዓመታት አንዳችም ሳይናጋ መቆየት አለበት።

ትልቁ እንቅፋት መሣሪያው ብቻ አልነበረም። በ1952 የሥነ ፈለክ ተመራማሪው ኦቶ ስትሩቭ አንዲት አጭር ጽሑፍ አሳተመ። ጁፒተርን የሚያህል ፕላኔት ከኮከቡ በጣም ተጠግቶ በጥቂት ቀናት ውስጥ እንዳይዞር የሚከለክል ምንም ሕግ የለም፤ ካለም በጊዜው በነበሩት መሣሪያዎች፣ በኮከቡ ንቅናቄ ወይም በኮከቡ ፊት ሲያልፍ በሚጋርደው ብርሃን ሊገኝ ይችላል የሚል ነበር። ሐሳቡ ለአርባ ዓመት ሰሚ አጣ። ግዙፍ ፕላኔት በ12 ዓመት እንጂ በአራት ቀን አይዞርም ተብሎ ስለታመነ የአራት ቀን ምልክት የሚፈልግ አልነበረም። በ1960ዎቹ ፒተር ቫን ደ ካምፕ በባርናርድ ኮከብ ዙሪያ ፕላኔት አገኘሁ ማለቱና ነገሩ ከቴሌስኮፑ ጉድለት የመጣ ሆኖ መገኘቱ የዘርፉን ስም ስለጎዳው፣ ከዚያ በኋላ የመጡ ተመራማሪዎች ከመጠን በላይ ጠንቃቃ ሆኑ። ካናዳውያኑ ብሩስ ካምቤልና ጎርደን ዎከር ገዳይ በሆነው የሃይድሮጅን ፍሎራይድ ጋዝ ብርሃኑን እያመሳከሩ፣ በሴኮንድ 13 ሜትር ገደማ የደረሰ ጥራት አስገኝተው ነበር። ጋማ ሴፊ በተባለ ኮከብ ላይ በ1988 ያዩትን ምልክት ግን ከኮከቡ ከራሱ የመጣ ሊሆን ይችላል ብለው ተዉት። በ2003 ምልክቱ የፕላኔት መሆኑ ተረጋገጠ። የእነርሱ ሥራ ከሚገባው በታች የሚነሣ መሆኑ ያሳዝናል፤ ለኋለኞቹ የጥራት ልክ ያወጡት እነርሱ ናቸውና።

ጥቅምት 1995 ጣሊያን ፍሎረንስ ላይ በተደረገ ጉባኤ ሚሼል ማዮርና ዲዲዬ ኬሎ የተባሉ የጄኔቫ ተመራማሪዎች ውጤታቸውን አቀረቡ። በደቡብ ፈረንሳይ በሚገኘው የኦት ፕሮቫንስ የከዋክብት መመልከቻ፣ መስተዋቱ 1.93 ሜትር በሆነ ቴሌስኮፕ ላይ ኤሎዲ የተባለ ስፔክትሮግራፍ ገጥመው ሲመለከቱ፣ 50 የብርሃን ዓመት ገደማ የሚርቀው 51 ፔጋሲ የተባለ ፀሐይ መሰል ኮከብ በየ4.23 ቀኑ ወዲያና ወዲህ ሲል አገኙት። ይህን የሚያደርገው አካል ክብደቱ ቢያንስ የጁፒተር ግማሽ ገደማ ነው። ከኮከቡ ያለው ርቀት ደግሞ ስምንት ሚሊዮን ኪሎ ሜትር እንኳ አይሞላም፤ የሜርኩሪና የፀሐይ ርቀት አንድ ሰባተኛ ማለት ነው። በካሊፎርኒያው የሊክ መመልከቻ ይሠሩ የነበሩት ጄፍሪ ማርሲና ፖል በትለር በቀናት ውስጥ ራሳቸው ለክተው አረጋገጡት። ለዓመታት ሰብስበው ያከማቹትንም መረጃ በአዲስ ዓይን ፈትሸው በ1996 መጀመሪያ ሁለት ተጨማሪ ግዙፍ ፕላኔቶችን ይፋ አደረጉ። ማዮርና ኬሎ በ2019 የፊዚክስ ኖቤል ሽልማትን እኩሌታ ተቀበሉ።

ጥርጣሬው ግን ወዲያው አልጠፋም። በ1997 ዴቪድ ግሬይ የተባለ ተመራማሪ፣ የ51 ፔጋሲ ንቅናቄ ከፕላኔት ሳይሆን ከኮከቡ ገጽ መርገብገብ የመጣ ነው ብሎ ጻፈ፤ በሚቀጥለው ዓመት የተሻለ መረጃ ሰብስቦ ራሱ አስተያየቱን አነሣ። ክርክሩን ለዘለቄታው የዘጋው በ1999 የታየው ጥላ ነው። ዴቪድ ሻርቦኖና ቲሞቲ ብራውን በኮሎራዶ፣ ስፋቱ 10 ሴንቲ ሜትር ብቻ በሆነ ቴሌስኮፕ ኤችዲ 209458 የተባለውን ፀሐይ መሰል ኮከብ ሲከታተሉ፣ የኮከቡ ብርሃን በየሦስት ቀን ተኩሉ ለሦስት ሰዓት ያህል በአንድ ከመቶ ተኩል ገደማ ሲቀንስ አዩ። ፕላኔቱ በኮከቡ ፊት እያለፈ ነበር። የተጋረደው ብርሃን የፕላኔቱን ስፋት ስለሚያሳይ፣ ከክብደቱ ጋር ሲጣመር እፍጋቱ ታወቀ፤ ከውሃ እፍጋት ሲሶ ገደማ ብቻ። ጁፒተርን በክብደት የማይደርስበት ይህ ፕላኔት በስፋት በአንድ ሦስተኛ ይበልጠዋል። ጋዝ ካልሆነ በቀር እንዲህ ሊሆን የሚችል ነገር የለም።

በኮከብ ፊት የሚያልፍ ፕላኔት ሌላም ስጦታ አለው፤ ከኮከቡ የሚወጣው ብርሃን ጥቂቱ በፕላኔቱ አየር ውስጥ አልፎ ይመጣል። በ2001 ሀብል የኅዋ ቴሌስኮፕ በዚሁ ፕላኔት አየር ውስጥ ሶዲየም አገኘ። ይህም ከሥርዓተ ፀሐይ ውጪ በሚገኝ ፕላኔት አየር ላይ የተገኘ የመጀመሪያው ንጥረ ነገር ነው። ጄምስ ዌብ የኅዋ ቴሌስኮፕ በ2022 ሥራ በጀመረ በወራት ውስጥ፣ 700 የብርሃን ዓመት ገደማ በሚርቀውና ዋስፕ 39 በሚባለው ፀሐይ መሰል ኮከብ ዙሪያ ባለ ሳተርን አከል ፕላኔት ላይ በመጀመሪያ ካርቦን ዳይኦክሳይድን፣ ቀጥሎም ሰልፈር ዳይኦክሳይድን ለየ። ሁለተኛው በተለይ ትልቅ ትርጉም አለው። ይህ ጋዝ የሚፈጠረው የኮከቡ ብርሃን በፕላኔቱ አየር ውስጥ ያሉትን ሞለኪውሎች ሲሰባብር ስለሆነ፣ እዚያ የሚካሄደውን ኬሚስትሪ በተግባር ያሳያል።

እነዚህ ሁሉ ግን ለኮከባቸው የቀረቡ፣ በተለምዶ «ሙቅ ጁፒተሮች» የሚባሉት ናቸው። ዝናው የእነርሱ ይሁን እንጂ፣ ስለ ግዙፍ ፕላኔቶች ታሪክ የበለጠ የሚናገሩት አቦልን የመሰሉት በመካከለኛ ርቀት በሞላላ መንገድ የሚዞሩት ናቸው። ይህን ለመረዳት ከአፈጣጠሩ መነሣት ያስፈልጋል።

ወጣት ኮከብ በጋዝና በአቧራ ጠፍጣፋ ክምችት የተከበበ ነው። የዚህ ክምችት ዕድሜ አጭር ነው፤ ግማሽ ያህሉ በሦስት ሚሊዮን ዓመት ውስጥ፣ የቀረውም እስከ አሥር ሚሊዮን ዓመት ባለው ጊዜ ይበተናል። ፀሐይና ፕላኔቶቿ 4.6 ቢሊዮን ዓመት የሞላቸው መሆኑ ሲታሰብ፣ ጁፒተር ጋዙን የሰበሰበበት ዘመን እጅግ አጭር እንደነበር ይገባል። ሰፊ ተቀባይነት ያገኘው ማብራሪያ እንደሚለው፣ በመጀመሪያ አቧራና በረዶ ተጣብቀው የመሬትን አሥር እጥፍ ያህል የሚከብድ እምብርት ይሠራሉ። ከዚያ እምብርቱ በስበቱ በዙሪያው ያለውን ጋዝ መሳብ ይጀምራል፤ በተወሰነ ደረጃ ላይ ሲደርስ መሳቡ በራሱ እየተፋጠነ በአጭር ጊዜ ውስጥ ፕላኔቱ ይገዝፋል። እምብርቱ ቶሎ የሚያድገው ውሃ በበረዶነት ሊቆይ በሚችልበት ርቀት ላይ ነው፤ እዚያ ጠጣር ነገር በብዛት ስለሚገኝ። በጄምስ ፖላክና ባልደረቦቹ በ1996 የወጣው ስሌት ይህ ሁሉ ሚሊዮኖች ዓመታት እንደሚፈልግ ስላሳየ፣ ጋዙ ሳያልቅ ይደርሳል ወይ የሚለው ለረጅም ጊዜ ሲያሳስብ ቆይቷል። ኋላ ላይ የጠጠር ያህል ትናንሽ ቅንጣቶች በጋዙ ውስጥ እየተንሸራተቱ ወደ እምብርቱ መግባታቸው ሲሰላ ጊዜው አጠረ። ተፎካካሪው ሐሳብ፣ አለን ቦስ በ1997 አጠናክሮ ያቀረበው፣ ከባድ የጋዝ ክምችት በራሱ ስበት ተሰነጣጥቆ በቀጥታ ፕላኔት ይሆናል የሚል ነው። ይህ ከኮከባቸው እጅግ ለራቁና በጣም ለከበዱት ይስማማ ይሆናል፤ ለአብዛኞቹ ግን ማስረጃው የሚያመዝነው ወደ መጀመሪያው ነው።

ማስረጃው የተገኘው ከከዋክብቱ ቅንብር ነው። የሥነ ፈለክ ሰዎች ከሃይድሮጅንና ከሂሊየም የከበደውን ሁሉ፣ ካርቦንንም ኦክስጅንንም ጨምረው፣ በጥቅሉ «ብረት» ይሉታል። ደብራ ፊሸርና ጄፍ ቫለንቲ በ2005 አንድ ሺህ በሚጠጉ ፀሐይ መሰል ከዋክብት ላይ እንዳሳዩት፣ ብረታቸው ከፀሐይ ካነሰው መካከል ግዙፍ ፕላኔት የተገኘባቸው ከመቶ ሦስት አይሞሉም፤ ብረታቸው የፀሐይን እጥፍ በሚያህሉት ዘንድ ግን ቁጥሩ ወደ 25 በመቶ ይዘላል። እምብርት የሚሠራው ከጠጣር ነገር ከሆነ፣ ጠጣሩ በበዛበት ግዙፍ ፕላኔት መብዛቱ የሚጠበቅ ነው፤ ጋዙ ራሱ የሚሰነጣጠቅ ቢሆን ኖሮ ግን ብረት መብዛቱ ይህን ያህል ልዩነት ባላመጣ ነበር። ቡና ከእነዚህ ባለጠጎች አንዱ ነው፤ የብረት መጠኑ ከፀሐይ በእጥፍ ገደማ ይበልጣል።

መፈጠሩ ይህን ከመሰለ፣ መንቀሳቀሱስ? 51 ፔጋሲ አጠገብ ያለው ፕላኔት እዚያው ሊፈጠር አይችልም፤ በዚያ ሙቀት በረዶ ቀርቶ አቧራም አይተርፍም፣ ጋዙም አይበቃም። መልሱ ከግኝቱ አሥራ አምስት ዓመት ቀድሞ ተዘጋጅቶ ይጠብቅ ነበር። ፒተር ጎልድራይክና ስኮት ትሬሜይን በ1980 በጋዝ ክምችት ውስጥ ያለ አካል ከጋዙ ጋር በስበት እየተጎተተ ምህዋሩን ሊለውጥ እንደሚችል አስልተዋል። ዳግላስ ሊንና ባልደረቦቹ ይህን በ1996 ለአዲሱ ፕላኔት አውለው፣ በሩቅ ተወልዶ ቀስ በቀስ ወደ ውስጥ ተንሸራትቷል አሉ። እንዲህ የመጣ ፕላኔት ክብ መንገድ ይኖረዋል፣ ኮከቡም በሚሽከረከርበት አቅጣጫ ይዞራል።

ብዙዎቹ እንዲህ ናቸው፤ ሁሉም ግን አይደሉም። ፕላኔት በሚሽከረከር ኮከብ ፊት ሲያልፍ መጀመሪያ ወደ ተመልካቹ የሚመጣውን ጎን፣ ቀጥሎ የሚርቀውን ጎን ስለሚጋርድ፣ ከብርሃኑ ለውጥ አቅጣጫውን ማወቅ ይቻላል። በ2009 ዋስፕ 17 በተባለ ኮከብ ዙሪያ የተገኘው ፕላኔት ከኮከቡ መሽከርከር በተቃራኒ የሚዞር ሆኖ ተገኘ። በጋዝ ውስጥ በዝግታ የተንሸራተተ ፕላኔት ወደ ኋላ ሊዞር አይችልም። ሌላው ማስረጃ ኤችዲ 80606 ነው። ይህ ፀሐይ መሰል ኮከብ ሌላ ፀሐይ መሰል ጓደኛ አለው፤ ፕላኔቱ በ111 ቀን የሚጨርሰው ምህዋር እጅግ ከመለጠጡ የተነሣ በአንድ ጫፍ የመሬትን ርቀት ሊደርስ ጥቂት ሲቀረው፣ በሌላው ጫፍ ኮከቡን ሊነካ ይቃረባል። በዚህ ቅርብ ማለፊያ ላይ ስፒትዘር የኅዋ ቴሌስኮፕ ሲመለከት፣ የፕላኔቱ ሙቀት በስድስት ሰዓት ውስጥ በብዙ መቶ ዲግሪ ሲያሻቅብ ታየ። የራቀ ጓደኛ ኮከብ ስበት በሚሊዮን ዓመታት ውስጥ የፕላኔትን መንገድ እንዲህ ሊያጣምምና ሊለጥጥ እንደሚችል የሚያሳየውን ስሌት ሚኻይል ሊዶቭና ዮሺሂዴ ኮዛይ በ1960ዎቹ መጀመሪያ ለየብቻቸው አውጥተውት ነበር።

ጓደኛ ኮከብ ባይኖርም እርስ በርስ መናወጥ ይበቃል። ፍሬድ ራሲዮና ኤሪክ ፎርድ በ1996 እንዳሳዩት፣ ሁለት ግዙፎች ተቀራርበው ከተፈጠሩ፣ ጋዙ ከተበተነ በኋላ ስበታቸው ምህዋራቸውን ያምሰዋል። በመጨረሻ አንዱ ከቤተሰቡ ጨርሶ ተወርውሮ ይወጣል፤ የቀረው ወደ ኮከቡ ቀርቦ በሞላላ መንገድ ላይ ይቀራል። የተለጠጠው መንገድ ጫፉ ለኮከቡ በጣም ከቀረበ፣ ኮከቡ በፕላኔቱ ላይ የሚፈጥረው የስበት መጎተት ኃይሉን እያባከነ መንገዱን ያከብበዋል፤ ሞላላው ይጠፋል፣ ፕላኔቱ ሙቅ ጁፒተር ይሆናል።

አቦል ቁም ነገር የሚሆነው እዚህ ላይ ነው። ሙቅ ጁፒተሮች እንዴት እንደመጡ የሚያሳየውን ምልክት የኮከባቸው ስበት ደምስሶታል፤ በጋዝ ውስጥ ተንሸራቶ የመጣውም፣ ተወርውሮ የመጣውም አሁን በአንድ ዓይነት ክብ መንገድ ላይ ናቸው። አቦል ግን በጣም በሚቀርብበት ጊዜም ከኮከቡ ከመቶ ሚሊዮን ኪሎ ሜትር በላይ ይርቃል። በዚህ ርቀት የኮከቡ መጎተት መንገዱን ሊለውጥ አይችልም፤ ጥንት የደረሰበት መናወጥ የጣለለት ሞላላ ሳይፋቅ እስካሁን አለ። ርብቃ ዶውሰንና ሩት መሪ ክሌይ በ2013 ያስተዋሉት ደግሞ ነገሩን ያጠናክራል። በመካከለኛ ርቀት ካሉት ግዙፎች መካከል በጣም የተለጠጠ መንገድ ያላቸው በብዛት የሚገኙት ብረት በበዛባቸው ከዋክብት ዙሪያ ነው። ብረት ሲበዛ እምብርት ይበዛል፣ እምብርት ሲበዛ ግዙፎች ይበዛሉ፣ ግዙፎች ሲበዙ መናወጥ አይቀርም። ቡና በብረት ባለጠጋ፣ አቦል ከባድና መንገዱ የተለጠጠ መሆኑ ለዚህ ሰንሰለት ጥሩ ምሳሌ ነው።

የአቦል አገኛኘትም ትዕግሥት የሚጠይቅ ነበር። በ2009 ካትሪን ፒክና ባልደረቦቿ በሊክ መመልከቻ በተሰበሰበ መረጃ ይፋ አደረጉት። በሞላላ ምህዋር ምክንያት ኮከቡ የሚያሳየው የፍጥነት ለውጥ እኩል ሞገድ አይሠራም፤ ለረጅም ወራት ዝግ ብሎ ይቆይና ፕላኔቱ በሚጠጋበት ሰሞን በድንገት ይዘላል። የቡና ፍጥነት ከአማካዩ በሴኮንድ ወደ 100 ሜትር ይለዋወጣል። በእነዚያ ሳምንታት ደመና ከሆነ ወይም ኮከቡ በቀን ሰማይ ላይ ከዋለ፣ ቀጣዩን ዕድል ለማግኘት ሦስት ዓመት ሊሞላ ጥቂት እስኪቀር መጠበቅ ግድ ነው። ምህዋሩ በ2016 በይበልጥ ጥራት የተለካው በኦት ፕሮቫንስ፣ 51 ፔጋሲ በተገኘበት በዚያው 1.93 ሜትር ቴሌስኮፕ ላይ ኤሎዲን በተካው ሶፊ በተባለ ስፔክትሮግራፍ ነው።

መናወጡ ለትናንሽ ፕላኔቶች ምን ማለት እንደሆነ መገመት አይከብድም። በቡና ዙሪያ ውሃ በፈሳሽነት ሊቆይበት የሚችለው ርቀት አቦል በሚመላለስበት ክልል ውስጥ ነው የሚወድቀው። የመሬትን የሚመስል ፕላኔት እዚያ ቢኖር ኖሮ፣ የጁፒተርን አራት እጥፍ የሚከብድ አካል በየጊዜው እያለፈበት መንገዱን ጠብቆ ሊቆይ ባልቻለ ነበር። የመሬት ምህዋር ለቢሊዮኖች ዓመታት ሳይናጋ መቆየቱ ከጁፒተር እርጋታ ጋር የተያያዘ መሆኑ ከዚህ የበለጠ ጎልቶ የሚታይበት ቦታ የለም።

ቁጥሩን በተመለከተ፣ በአንድሩ ከሚንግ የተመራው የ2008 ጥናት እንዳመለከተው ከመቶ ፀሐይ መሰል ከዋክብት ወደ አሥር የሚጠጉት ከአምስት ዓመት ተኩል ባነሰ ጊዜ የሚዞር ግዙፍ ፕላኔት አላቸው። ሙቅ ጁፒተር ያላቸው ከመቶ አንድ ወይም ከዚያ ያነሱ ናቸው። በዝርዝሮች ውስጥ የበዙ የሚመስሉት ለማግኘት ስለሚቀሉ ነው፤ ለኮከቡ የቀረበ ፕላኔት በፊቱ የማለፍ ዕድሉ አሥር በመቶ ገደማ ሲሆን፣ በጁፒተር ርቀት ላይ ያለው ግን ከሺህ አንድ ብቻ ነው። እውነተኛው ብዛት ያለው ከመሬት ርቀት አንድ እጥፍ እስከ አሥር እጥፍ ባለው ክልል ውስጥ ነው። ጁፒተርን በክብደቱም በርቀቱም የሚመስል ፕላኔት ፀሐይን ቁርጥ በሚመስል ኮከብ ዙሪያ ማግኘት ብዙ ጊዜ ወስዷል። በ2015 ሂፕ 11915 በተባለ ኮከብ ዙሪያ እንዲህ ያለ ፕላኔት መገኘቱን ዓለም አቀፍ ቡድን አስታውቋል።

ጁፒተር ራሱ ፍጹም ጸጥተኛ ነበር ማለት ግን አይቻልም። በ2005 የቀረበውና በፈረንሳይዋ ኒስ ከተማ ስም የሚጠራው ሞዴል፣ ጁፒተር፣ ሳተርን፣ ዩራነስና ኔፕቱን ከተፈጠሩ በኋላ ቦታቸውን እንደቀየሩ ይናገራል። በ2011 ኬቪን ዎልሽና ባልደረቦቹ ያቀረቡት ደግሞ፣ ጁፒተር በልጅነቱ ወደ ፀሐይ እስከ ማርስ ምህዋር ድረስ ተንሸራቶ ሳለ፣ ከኋላው የመጣው ሳተርን ከእርሱ ጋር በስበት ተቆራኝቶ ወደ ውጭ መለሰው የሚል ነው። ይህ ገና በክርክር ላይ ያለ ሐሳብ ቢሆንም፣ ማርስ ለምን ትንሽ እንደሆነች ለማስረዳት ይጠቅማል። እውነት ከሆነ፣ ጁፒተርን ከሙቅ ጁፒተርነት ያዳነው ወንድሙ ነው።

መጨረሻቸውም እንደ መንገዳቸው ይለያያል። ዋስፕ 12 በተባለ ኮከብ ዙሪያ ያለ ሙቅ ጁፒተር የአንድ ዙር ጊዜው በየዓመቱ በ29 ሚሊሴኮንድ ገደማ እያጠረ መሆኑ ተለክቷል፤ በጥቂት ሚሊዮን ዓመታት ውስጥ በኮከቡ ይዋጣል። ቡናም ሃይድሮጅኑን ጨርሶ ቀይ ግዙፍ ኮከብ ሆኖ ሲያብጥ፣ የአቦል ምህዋር ቅርብ ጫፍ ከኮከቡ ውጨኛ ክፍል ጋር ሊገናኝ ይችላል።

ከፍጥነት ልኬት የሚገኘው ክብደት ዝቅተኛው መሆኑ በዚህ ዳሰሳ ሁሉ ሲጠቀስ የቆየው ያለ ምክንያት አይደለም። ዘዴው የሚያሳየው ኮከቡ ወደ ተመልካቹ የሚያደርገውን ንቅናቄ ብቻ ስለሆነ፣ ምህዋሩ ከላይ ወደ ታች የሚታይ ከሆነ አብዛኛው ንቅናቄ ይሰወራል። የዚህ አደገኛነት የታየው በኤችዲ 114762 ነው። ዴቪድ ላተምና ባልደረቦቹ በ1989 በዚህ ፀሐይ መሰል ኮከብ ዙሪያ ቢያንስ የጁፒተርን 11 እጥፍ የሚከብድ አካል አግኝተው፣ ለሠላሳ ዓመት የመጀመሪያው ፕላኔት ሊሆን ይችላል ሲባል ኖረ። ጋያ የተባለችው የአውሮፓ መንኮራኩር ኮከቡ በሰማይ ላይ የሚያደርገውን ንቅናቄ ስትለካ ግን፣ ምህዋሩ ከላይ የሚታይና አካሉም ፕላኔት ሳይሆን ትንሽ ኮከብ ሆኖ ተገኘ። አቦልም ምህዋሩ በበቂ ካዘነበለ ከ13 ጁፒተር ክብደት ሊያልፍ ይችላል፤ ሆኖም ምህዋሮች በዘፈቀደ ያዘነበሉ ናቸው ከተባለ የዚህ ዕድል ከመቶ ሰባት ገደማ ነው። ጋያ ከ2014 እስከ 2025 መጀመሪያ ድረስ ከአንድ ቢሊዮን በላይ ከዋክብትን ለክታለች። አቦልን የሚያህል ፕላኔት ቡናን በሰማይ ላይ የሚያንቀሳቅሰው ከአንድ ሰከንድ ማዕዘን ከአሥር ሺህ አንድ እጅ በላይ በመሆኑ፣ እንዲህ ያለው ንቅናቄ ለመንኮራኩሯ የመለካት አቅም ቅርብ ነው። ይህ ዘዴ ከፍጥነት ልኬት በተቃራኒ ከኮከባቸው ራቅ ላሉት ፕላኔቶች ይበልጥ ስለሚመች፣ ጥላቸው የማይታየውን በመካከለኛ ርቀት ያሉ ግዙፎች ክብደትና የምህዋር ዝንባሌ በአንድነት ይሰጣል።